በጽድ ሥር የሚበቅሉትን ትናንሽ እንጉዳዮች ስለመለየት

በባሕር ዳር አቅራቢያ በፈረንጅ ጽድ ሥር ክረምት ሲገባ ስለሚበቅሉት ትናንሽ ቡናማ እንጉዳዮች፣ ዓይነታቸው ምን እንደሆነና ለምግብ ይሆኑ እንደሆነ ጠይቀዋል። ከላይ ብቻ በተነሣ ፎቶ ይህን መመለስ አይቻልም፤ ቆባቸው ዝናብ ሲያገኘው ይጠቁራል፣ ሲደርቅ ይገረጣልና ቀለሙ ብዙም አይታመንም።

በመጀመሪያ የበቀሉበትን ነገር ይመልከቱ። በጽድ ጥላ የሚገኙት በአብዛኛው የረገፈ ቅጠልና የበሰበሰ እንጨት እየበሉ የሚኖሩ ስለሆኑ፣ አፈሩን በቢላዋ ገለጥ አድርገው አገዳው ከቅጠሉ ይሁን ከተቀበረ ጉቶ መነሣቱን ያረጋግጡ።

ቀጥሎ ቆቡን ቆርጠው ሽንሽኑን (ከቆቡ ሥር የተደረደሩትን ስስ ንጣፎች) ወደ ታች በማድረግ፣ ግማሹ በነጭ ግማሹ በጥቁር ወረቀት ላይ እንዲያርፍ ያስቀምጡና ብርጭቆ ደፍተውበት ያሳድሩት፤ የሚረግፈው የዘር ዱቄት ከቆቡ ቀለም ይልቅ ይታመናል። ዱቄቱ ነጭ፣ ቆቡ ደወል መሰል፣ አገዳውም እጅግ የቀጠነ ከሆነ ማይሴና ከሚባለው ወገን ሊሆን ይችላል። ዱቄቱ የዝገት ቀለም ካለውና በአገዳው ላይ ስስ ቀለበት ከታየ ግን፣ በበሰበሰ እንጨት ላይ የሚበቅለውን ጋለሪና ማርጂናታን መጠርጠር ይገባል፤ ቀለበቱ በቀላሉ ስለሚረግፍም አለመኖሩ ዋስትና አይሆንም። ይህ እንጉዳይ ጉበት የሚያጠፋ አማቶክሲን የተባለ መርዝ ሲኖረው፣ መርዙ በመቀቀልም ሆነ በማድረቅ አይጠፋም። ትውከቱና ተቅማጡ የሚጀምረው ብዙውን ጊዜ ከ6 እስከ 24 ሰዓት ቆይቶ በመሆኑ፣ «ማታ በልቼ ምንም አልሆንኩም» የሚለው የጎረቤት ምስክርነት (ሁልጊዜ አይታጣም) ዋጋ የለውም።

ለምግብ ፈልገዋቸው ከሆነ እንዲህ ያሉትን ትናንሽ ቡናማዎች በሙሉ ይተዉአቸው። ለማወቅ ብቻ ከሆነ የሽንሽኑን፣ የአገዳውን ሥርና የዱቄቱን ፎቶ ቢልኩ ወገኑን ማጥበብ ይቻላል።