በባልና ሚስት ጠብ ጣቢያ ለሚመላለሱ

በቀደም አንድ ወጣት ጠየቀኝ። «ጋሼ፣ ከባለቤቴ ጋር በተጣላን ቁጥር ወንድሟ ጣቢያ ያስጠራኛል። ፖሊስ ነው። ለማን አቤት ልበል?» የማውቀውን ነገርኩት። እሱ ሄደ፣ እኔ ግን የቆየ ቁጭቴ ተቀሰቀሰ።

በጥብቅና ሥራዬ የማልረሳት ሴት አለች። አዲስ አበባ ዳር ላይ እንጀራ ጋግራ ትሸጥ ነበር። ባሏ ቤቱ ይሸጥ ሲል አልፈርምም አለች። መብቷ ነው። የ1992ቱ የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ የጋራ ቤት ያለ ሁለቱ ስምምነት እንዲሸጥ አይፈቅድም። ባልየው ታዲያ ፍርድ ቤት አልሄደም። ጣቢያ ወዳጅ ነበረውና «ሲሊንደርና ቴሌቪዥን ሰረቀችኝ» ብሎ አመለከተ። ከገዛ ቤቷ!

በስልክ «ነይ» ትባላለች። ያኔ ይሠራበት የነበረው የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ሥነ ሥርዓት ተጠርጣሪ በጽሑፍ መጥሪያ ይጠራ ይላል። ለእሷ ግን አንድም ወረቀት አልደረሳትም። ጡት የሚጠባ ልጇን አዝላ ከጠዋት እስከ ማታ አግዳሚ ላይ ትቀመጣለች። ከዚያ «ነገ ተመለሺ» ነው። ሊጡ ይኮመጥጣል፣ ደንበኛው ሌላ ጋ ይሄዳል። ቤተሰቦቿ «ሽማግሌ ይግባበት» እያሉ ነገሩን አቆዩት። አንድ አርብ ማታ እዚያው አስቀሯት። ወንድሟ እኔ ቢሮ የደረሰው ማክሰኞ ነው።

በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19 የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት መቅረብ አለበት። ካልቀረበ እንዲለቀቅ ፍርድ ቤቱን መጠየቅ ይችላል። ሥርዓቱ በ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከአንቀጽ 177 ጀምሮ ተጽፏል፤ አካልን ነፃ ማውጣት ይባላል። አቤቱታውን እዚያው በእጄ ጻፍኩ። ወንድሟ ማን እንደያዛት፣ የት እንዳለች፣ ማን እንደሚያውቅ በቃለ መሐላ አስረዳ። ዳኛዋ ጣቢያው ሴትየዋን ይዞ እንዲቀርብና የያዘበትን ምክንያት እንዲገልጽ አዘዙ። ትእዛዙ በደረሰበት ማታ ለቀቋት። በማግስቱ ችሎት ላይ «እኛ ጋ የለችም» አሉ። መዝገቡ ተዘጋ።

የሚቆጨኝ የመጣው ከዚህ በኋላ ነው። እንቀጥል አልኳት። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 423 ሰውን ከሕግ ውጭ የሚያስር የመንግሥት ሠራተኛን ይቀጣል። ካሳም ይጠየቃል። እሷ ግን ፈርታለች። «ቤቱን ይውሰደው፣ ልጄን በሰላም ላሳድግ» አለችኝ። ሽማግሌዎች ፊት ፈርማ ወጣች። ዛሬ እዚያ ቦታ ላይ ፎቅ ቆሟል። ባለፍኩ ቁጥር ሆዴ ይቃጠላል።

ሽማግሌ አልጠላም። የእህቴን ትዳር ያቆሙት እነሱ ናቸው፣ ጎጆዋ እስከ ዛሬ ሙቅ ነው። ሰው ታስሮ እያለ ግን ሽምግልና የለም፤ አስቀድሞ ይፈታ።

እናንተ ወጣቶች ደግሞ ገመናችሁን ቲክቶክ ላይ ለማውጣት ትቸኩላላችሁ። ዳኛ በዚያ አይፈርድም። በስልካችሁ ሁሉን የመመዝገብ ልማዳችሁን ግን ወድጄዋለሁ። የተጠራችሁበትን ቀን፣ ሰዓት፣ የጠሪውን ስም ያዙ። እኛ ይህን ሁሉ በቃል ነበር የምናስታውሰው።

ይህን ስል የተደበደበች ሴት ጣቢያ አትሂድ ማለቴ አይደለም። ድብደባ ወንጀል ነው፤ በትዳር ጓደኛ ላይ ሲሆን የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 564 አለ። ቤት፣ ልጅ፣ ቀለብ ግን የፍርድ ቤት ሥራ ነው። የፍቺ አቤቱታ ሲቀርብ ፍርድ ቤቱ በእነዚህ ላይ ጊዜያዊ ትእዛዝ ይሰጣል። የትኛውም መርማሪ ቤት አያካፍልም።

አዲስ አበባ ዳር ላይ የምትኖሩ ጣቢያው በየትኛው አስተዳደር ሥር እንደሆነ አስቀድማችሁ አጣሩ። ቡራዩ፣ ሰበታ፣ ለገጣፎ ዛሬ በኦሮሚያ ሥር ባለው ሸገር ከተማ ውስጥ ናቸው። ጉዳዩ በኦሮሚያ ፍርድ ቤቶች፣ በአፋን ኦሮሞ ይታያል። ቋንቋውን ካልቻላችሁ አቤቱታውን የሚጽፍላችሁ ሰው ዛሬውኑ ፈልጉ።