የጋብቻ ወረቀት የለኝም፤ ለታሰረው ጓደኛዬ ማመልከት እችላለሁ?

ጥያቄ፦ ከጓደኛዬ ጋር ሳንጋባ ሦስት ዓመት አብረን ኖረናል። የዛሬ ስድስት ቀን ሲቪል የለበሱ ፖሊሶች ከቤት ወሰዱት። አዲስ አበባ ውስጥ አንድ ጣቢያ ነው ያለው። ምግብ ይቀበሉኛል፤ እሱን ግን አላገናኙኝም። ፍርድ ቤትም አልቀረበም። «ሚስቱ ካልሆንሽ አይመለከትሽም» አሉኝ። ምን ላድርግ?

መልስ፦ እህቴ፣ በደንብ ይመለከትዎታል። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 21 ታሳሪን ሊጎበኙ ከሚችሉት መካከል የትዳር ጓደኛን ብቻ ሳይሆን ጓደኛንም ጠቅሷል። አንቀጽ 19 ደግሞ የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ይቅረብ ይላል። በዚህ ላይ የሚታከለው የመንገዱ ጊዜ ብቻ ነው። ስድስት ቀን ከዚህ እጅግ የራቀ ነው።

ለዚህ የተሠራው መፍትሔ አካልን ነጻ የማውጣት አቤቱታ ነው። በ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከቁጥር 177 እስከ 179 ያገኙታል። ታሳሪው ራሱ ማመልከት ካልቻለ ሌላ ሰው ስለ እሱ ያመለክታል። ሕጉ «ሚስት» ወይም «እናት» ብሎ አልገደበም። እሱ ራሱ ያልቻለበትን ምክንያት ግን መጻፍ አለብዎት፤ እንዳያገኙት መከልከልዎ እዚህ ላይ ይገባል።

አቤቱታው በቃለ መሐላ ይደገፋል። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው፤ ስለ በደሉ ገጽ ሙሉ ጽፎ ቀኑን ይረሳል። የተወሰደበትን ቀንና ሰዓት፣ ስንት ሰዎች እንደመጡ፣ የፍርድ ቤት ወረቀት አሳይተው እንደሆነ፣ የትኛው ጎረቤት እንዳየ ይጻፉ። ምሳ ዕቃውንም አይርሱ። በየትኛው ቀን ሞልተው አስገቡ? ባዶው መቼ ተመለሰልዎ? ጣቢያው «እኛ ጋ የለም» ቢል፣ ምግቡን ሲቀበል የነበረው ለማን እንደሆነ ዳኛው ይጠይቃል።

አዲስ አበባ ውስጥ አቤቱታውን የሚያየው የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ነው። ፍርድ ቤቱ የያዘው አካል ታሳሪውን ይዞ እንዲቀርብና ምክንያቱን እንዲያስረዳ መጥሪያ ያወጣል። እስሩ ሕገ ወጥ ከሆነ ይፈታ ብሎ ያዛል።

አንድ ነገር ግን ከአሁኑ ይወቁ። መጥሪያው ሲደርስ ፖሊስ ቶሎ ብሎ ሌላ ችሎት አቅርቦት የምርመራ ጊዜ ሊጠይቅ ይችላል። ጊዜው ከተፈቀደ እስሩ በፍርድ ቤት ትእዛዝ ሆነ ተብሎ የእርስዎ መዝገብ ሊዘጋ ይችላል። ይህን ሲያዩ ተስፋ አይቁረጡ። ቢያንስ የት እንዳለና በምን እንደተጠረጠረ ታወቀ። የምርመራ ጊዜው በአንድ ቀጠሮ ከ14 ቀን ማለፍ አይችልም። ከዚያ በኋላ ትግሉ የዋስትና ነው፤ ችሎቱ ያለበትን ቀን ይጠይቁና ጠበቃ ይዘው ይገኙ።

«ነገሩን ላባብስበት ይሆን?» ብለው ሌላ ሳምንት አይጠብቁ። ነገ ጠዋት ይሂዱ። ምሳውንም አያቋርጡ፤ ለጊዜው ከእርስዎ የሚደርሰው ወሬ እሱ ብቻ ነው።