«ያልተገለጸ» ብላችሁ ከማለፋችሁ በፊት

የሕክምና ኮዲንግ፣ ማለትም ሐኪም የጻፈውን በሽታ ወደ መለያ ኮድ የመቀየር ሥራ፣ የምትማር አንዲት ልጅ ሰሞኑን ጠየቀችኝ። «ሐኪሙ በሁለቱም ዓይን ኮርኒያ (ከዓይን ፊት ያለው ግልጽ ሽፋን) ላይ ደም ስር በቅሏል ብሎ ብቻ ከጻፈ፣ «ዓይነቱ ያልተገለጸ» የሚለውን ኤች16.403 ብዬ ባልፍ ምን ችግር አለው? ኢንሹራንሱ እንደሆነ ይከፍላል።»

ሕጉ ይፈቅድላታል። ሐኪሙ ያልጻፈውን ኮደር ከራሱ አመንጭቶ ሊጨምር አይችልም። ጥያቄዋ ግን ሜሪላንድ ስሠራ እጄ የገባ አንድ ፋይል አስታወሰኝ፤ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

አሜሪካ ወደ አዲሱ የበሽታ ኮድ ዝርዝር ወደ አይሲዲ-10 ከተሻገረች ብዙም አልቆየችም ነበር፤ ሽግግሩ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ኦክቶበር 1 ቀን 2015 ነው። በቀድሞው አሠራር 370.62 ብለን ፓነስን፣ ማለትም ከዳር ተነስቶ ኮርኒያ ላይ የሚዘልቀውን ደም ስር ያለው ሥጋ፣ ስንመዘግብ የቀኝ ዓይን ይሁን የግራ የሚያውቅ አልነበረም። አዲሱ ግን መጨረሻው ላይ 1 ለቀኝ፣ 2 ለግራ፣ 3 ለሁለቱም አለው። ያንን ወፍራም የኮድ መጽሐፍ ገጽ በገጽ እያገላበጥን ነበር የተማርነው። የዛሬ ልጆች ኮምፒውተሩ መጀመሪያ ያወጣላችሁን ትመርጣላችሁ፤ ከላይና ከታች ያለው ምን እንደሆነ ዓይናችሁ አያይም። ይህ በጣም ያሳስበኛል።

ፋይሉ የአንዲት ኢትዮጵያዊት እናት ነበር። የምርመራው ማጠቃለያ «ፓነስ፣ ሁለቱም ዓይን» ይላል፤ ሌላ ምንም የለም። ወደ ላይ ተመልሼ ሳነብ ግን የላይኛው የዓይን ቆብ በውስጥ በኩል ጠባሳ እንዳለው፣ በወጣትነቷም አገር ቤት የቆብ ቀዶ ሕክምና እንደተደረገላት ተጽፏል። ጎጃም ያደገ ሰው ይህን ሲያነብ ምን ትዝ እንደሚለው አውቃለሁ። አያቴ ወረንጦዋን በማተቧ አስራ ከአንገቷ አትለያትም ነበር። ጠዋት ጠዋት ፀሐይ ላይ ተቀምጣ ወደ ውስጥ የታጠፈውን ሽፋሽፍቷን እየነቀለች እንባዋ ይወርድ ነበር። እኛ ልጆቹ የእርጅና ነገር ይመስለን ነበር። ትራኮማ ነው።

ጤናማ ኮርኒያ ደም ስር የለውም። ኦክስጅን ሲያጥረው ወይም ሲቆጣ ደም ስሮች ከዳር ተነስተው ይገቡበታል። ዓይን ላይ የሚደረገውን ሌንስ (ኮንታክት ሌንስ) አብዝቶ ማድረግም ያመጣዋል፣ ትራኮማም ያመጣዋል። አሜሪካ ውስጥ ትራኮማ አይቶ የማያውቅ ወጣት ሐኪም መጀመሪያ የሚያስበው ሌንሱን ነው። ፓነሱን የትራኮማ ጠባሳ ያመጣው መሆኑን ሐኪሙ ከጻፈ የሁለቱም ዓይን ፓነስ ኮድ የሆነው ኤች16.423 ይቀድማል፣ የትራኮማ መዘዝን የሚያመለክተው ቢ94.0 ይከተላል። በሽታው ገና ንቁ ከሆነ ደግሞ ፓነሱ የንቁ ትራኮማ ኮድ በሆነው በኤ71.1 ውስጥ ይጠቃለላል። እኔ ግን ሐኪም አይደለሁም፤ አያቴን አስታውሼ ኮድ መጻፍ አልችልም።

ስለዚህ ለሐኪሙ ጥያቄ ላክሁ። መልስ አልመጣም። ደግሜ ልልክ ስል የክፍሉ ኃላፊ «ክፍያው በዚህም ያልፋል፣ ዝጋው» አለኝ። ፋይሉ በኤች16.423 ብቻ ተዘጋ። የሚቆጨኝ ገንዘቡ አይደለም። ከቀዶ ሕክምና በኋላም ሽፋሽፍት ተመልሶ ሊታጠፍና ኮርኒያን ሊፍቅ ይችላል፤ የእኚህን እናት ዓይን በየጊዜው ማየት ያስፈልጋል። ቀጥሎ ፋይሉን የሚከፍተው ሐኪም ግን ከበሽታዎቻቸው ዝርዝር ውስጥ ትራኮማ የሚል ቃል አያገኝም።

ያልተገለጸ የሚለውን ኮድ ፈጽሞ አትንኩ እያልሁ አይደለም። ቀኑን ሙሉ ፋይል ሲከመርባችሁ ትጠቀሙበታላችሁ፤ እኔም ተጠቅሜበታለሁ። ሆኖም ደም ስሩ ጥልቅ መሆን አለመሆኑ ብቻውን ትልቅ ነገር ነው፦ ደም ስር ጠልቆ የገባበት ዓይን የሚተከልለትን ኮርኒያ የመግፋት ዕድሉ ከፍ ይላል። ኤች16.44 ለዚህ ተለይቶ ተቀምጧል። ደማቸው የተቋረጠ ባዶ ደም ስሮች እንኳ ኤች16.41 የሚል የራሳቸው ቦታ አላቸው።

ሐኪሙን ስትጠይቁ «ትራኮማ አይደለም ወይ?» አትበሉ፤ መልሱን አፉ ውስጥ ማስገባት ነው፣ ደንቡም አይፈቅድም። በማስታወሻው ላይ ያለውን ጠባሳና ቀዶ ሕክምና ጠቅሳችሁ የደም ስሮቹ መነሻ ምን እንደሆነ፣ ላይ ላዩን ይሁኑ ጠልቀው የገቡ እንዲገልጽላችሁ ጠይቁት። መልስ ካልመጣ ድገሙት፤ ኃላፊያችሁ ዝጉ ካላችሁም ጥያቄው መላኩ በፋይሉ ላይ እንዲመዘገብ አድርጉ።