የአረብ ሱቅ ልጅ ጥያቄ

ጥያቄ፦ ሰላም ለእናንተ። ተክለ ሃይማኖት አካባቢ ነን፣ ሱቁን የከፈተው ከየመን የመጣው አያቴ ነው፣ ሰፈሩ እስከዛሬ «አረብ ሱቅ» ነው የሚለው፣ እናቴ ግን ሐበሻ ናት እኔም አረብኛዬ ከሰላምታ አያልፍም። ጅምላም ችርቻሮም ለውጭ ዜጋ ተከፈተ ከተባለ ወዲህ አባቴ እንቅልፍ የለውም፣ «ቻይና መጥቶ ይውጠናል» ይላል። እውነት ያሰጋናል? እኔስ በወረቀት የውጭ ዜጋ ነኝ እንዴ?

መልስ፦ ከሁለተኛው ልጀምር፣ ቀላል ነው። እናትህ ኢትዮጵያዊት ከሆኑ አንተም ኢትዮጵያዊ ነህ፣ የህገ መንግስቱ አንቀጽ 6 ከወላጅ አንዱ ይበቃል ነው የሚለው።

ወደ አባትህ እንምጣ። መመሪያ 1001/2016 ለአገሬው ብቻ ተከልለው የነበሩትን አስመጪነት፣ ጅምላና ችርቻሮ ለውጭ ባለሀብት ከፍቷል፣ እሱ እውነት ነው። ግን ሰዉ የድሮዎቹን የውጭ ነጋዴዎች ፉክክር ያጠፋቸው ይመስለዋል፣ እኔ አይመስለኝም። የህንዱን መሐመድ አሊ ድርጅት በ1929 ያባረረው ጣሊያን ነው እንጂ ገበያው አይደለም። ጊዮርጊስ ስር የነበረው የአራዳ ገበያም በጣሊያን ትእዛዝ ነው ወደ መርካቶ የሄደው። አርመኑ፣ ግሪኩና አረቡም ብዙው ሻንጣውን ያነሳው ከ1967 በኋላ፣ ደርግ ድርጅቱንም ትርፍ ቤቱንም ሲወርስ ነው።

ሱፐርማርኬት ጎናችሁ ቢከፈት ያን ያህል አልፈራላችሁም። ልጅ ሆኜ እናቴ ደብተር አስይዛ ነበር አረብ ሱቅ የምትልከኝ፣ ሰውየው ስኳሩን በጋዜጣ ጠቅልሎ እርሳሱን ከጆሮው አውርዶ ይጽፋል፣ አለቀ። ካሸሩ ጋ ሄደህ «ደሞዝ ሲወጣ እከፍላለሁ» በል እስቲ!

እኔን የሚያስፈራኝ ከኋላ ያለው ነው። አባትህ ራሳቸው መርካቶ ከጅምላ ነጋዴው እቃ የሚያነሱት በዱቤ አይደል? ሳሙናውንና ብስኩቱን ወስደው፣ ሸጠው፣ ከዛ ይመልሳሉ፣ በመተማመን እንጂ ፊርማ የለም። አዲሱ የውጭ ጅምላ ነጋዴ ግን አባትህንም አያትህንም አያውቅም፣ ብሩ አካውንቱ ካልገባ አንድ ካርቶን ላያስነሳ ይችላል፣ በዋጋ ደግሞ በዱቤ የሚሰጣችሁን የድሮውን ጅምላ ነጋዴ ከገበያ ካስወጣው የእናንተም ደብተር አብሮ ተዘጋ ማለት ነው።

ስለዚህ ከአሁኑ የተበተነውን ዱቤ ቀስ ብላችሁ ሰብስቡ (ሰው ሳታስቀይሙ፣ እሱ ላይ ነው ችሎታው)፣ ከጎረቤት ባለሱቆች ጋር እቁብ ግቡ፣ እጣው ሲደርሳችሁ እቃ በካሽ አንሱበት፣ ለመኪና እንዳታደርጉት ብቻ።