ፊልሙ ላይ የሌለውን ቀለም ማን አየው?

ጥያቄ፦ ከታናሽ እህቴ ጋር ሆነን «ዘ ፍሊከር» የተባለውን ፊልም በላፕቶፕ ተመለከትን። ታሪክም ተዋናይም የለውም፤ ጥቁርና ነጭ ብቻ ብልጭ ድርግም ይላል። እኔ ጥቂት ቆይቼ ሐምራዊ ክቦች ሲሽከረከሩ አየሁ፤ እሷ ግን «ይኼማ የተበላሸ አምፖል ነው» ብላ ተነሥታ ሄደች። ከሁለታችን የተሳሳተው ማን ነው?
አንባቢ፣ ከአዲስ አበባ

መልስ፦ የተሳሳተ የለም፤ ነገሩን «ሁሉም እንደየአመለካከቱ ነው» ብሎ መዝጋት ግን ስንፍና ይመስለኛል። አሜሪካዊው ቶኒ ኮንራድ እ.ኤ.አ. በ1966 ያወጣው ይህ የ30 ደቂቃ ፊልም፣ ከመግቢያው ጽሑፍ በቀር፣ ሙሉ በሙሉ ጥቁር ወይም ሙሉ በሙሉ ነጭ በሆኑ ፍሬሞች (ፊልሙ ላይ በተከታታይ በሚደረደሩ ነጠላ ምስሎች) የተሠራ ነው። በሰከንድ 24 ፍሬም ስለሚያልፍ፣ ኮንራድ የጥቁሩንና የነጩን አሰላለፍ በመለዋወጥ ብቻ ብልጭታውን ያፈጥነዋል፤ ያዘገየዋል። የፊልሙን ጥቅል ዘርግተው ወደ ብርሃን ቢያነሡት ሐምራዊ የሚባል ነገር አያገኙበትም። ቀለሙን የሠራው በብልጭታው የተቀሰቀሰው የእርስዎ ዓይንና አእምሮ ነው። እንዲያውም ፊልሙ ላይ ያለውን በትክክል የገለጹት እህትዎ ናቸው!

ይህን ያለ ፊልምም ሊያዩት ይችላሉ። ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ባሕር ዛፍ በተሰለፈበት መንገድ በመኪና ሲያልፉ፣ ዓይንዎን ጨፍነው ፊትዎን ወደ ፀሐይ ቢያዞሩ፣ ብርሃንና ጥላው በተፈራረቀ ቁጥር ከዓይንዎ ቆብ ጀርባ ጥልፍ የመሰለ ቅርጽ ሊታይዎት ይችላል። የቼኩ ሊቅ ፑርኪንየ በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ በተጨፈነ ዓይኑና በብርሃን መካከል ጣቶቹን እያወዛወዘ ያየውን እንዲህ ያለ ቅርጽ መዝግቦታል።

ታዲያ እህትዎ ለምን አላዩም? የሰውን ልዩነት ከመጥራቴ በፊት የምጠይቀው የክፍሉ መብራት በርቶ እንደ ነበርና ማን ለስክሪኑ ቀርቦ እንደ ተቀመጠ ነው፤ ብልጭታው የእይታን ሜዳ በሞላ መጠን ይበረታልና፣ ለጨለማ አዳራሽ የተሠራን ፊልም በላፕቶፕ ማየት ግማሹን እንደ መተው ነው። ደግሞም እህትዎ ቶሎ ተነሥተዋል፤ እርስዎም ቢሆኑ ክቦቹን ያዩት ቆይተው ነው። መብራት አጥፍታችሁ፣ ወንበር ተለዋውጣችሁ፣ እየተነጋገራችሁ ሳይሆን ያያችሁትን ለየብቻ በወረቀት እየሣላችሁ ብትሞክሩት ከዚያ በኋላ የሚቀረው ልዩነት በእርግጥም የየራሳችሁ ነው።

ከሙከራው በፊት ግን መግቢያውን አንብቡት። ፊልሙ የሚጥል በሽታ ሊቀሰቅስ እንደሚችል፣ ሐኪም በቦታው ሊገኝ እንደሚገባ የሚያስጠነቅቀው ለማስዋብ አይደለም፤ ከሁለታችሁ አንዳችሁ እንዲህ ያለ ሕመም ካለባችሁ ሙከራው ይቅር።