ደሴ ላይ ሥጋ ለምን አይበስልም?

በዚህ ወር ከደረሱን ጥያቄዎች ግማሾቹ የሥጋ ናቸው። ነገሩ ሲጨመቅ ሁሉም ተመሳሳይ ነው፤ የሥራ ቀን ነው፣ ሰው ደክሞታል፣ ቤተሰቡ ደግሞ እንጀራ የሚያርስ መረቅ ይፈልጋል። አራቱን መርጬ እመልሳለሁ።

ጥያቄ፦ እትዬ፣ እንደምን አሉልን? የምሠራው ቢሮ ነው። 11፡30 ወጥቼ፣ ሥጋ ገዝቼ ቤት ስገባ 12 ሰዓት ያልፋል። ልጆቹ እስከ 2 ሰዓት ካልበሉ እንቅልፍ ይጥላቸዋል። ቀይ ወጥ በሠራሁ ቁጥር ሽንኩርቱም በርበሬውም ይደርስና ሥጋው ግን እንደ ጎማ ይሆንብኛል። ኮምቦልቻ ያለችው እህቴ ያንኑ ዓይነት ሥጋ ገዝታ ቶሎ ጨርሳ ቁጭ ትላለች። «አንቺ ድሮም ሙያ የለሽም» ትለኛለች። እውነት ሙያ የለኝም ወይ? (ከደሴ፣ ሸዋ በር)

መልስ፦ አብሽሪ እህቴ፣ ጥፋቱ የሙያ ሳይሆን የከፍታ ነው። ደሴ ከባሕር ወለል በላይ 2500 ሜትር ገደማ ላይ ናት። ኮምቦልቻ ደግሞ ቁልቁል ወርዳ 1850 ሜትር አካባቢ ትገኛለች። ወደ ላይ በወጣሽ ቁጥር አየሩ ስለሚሳሳ ውሃው ቶሎ ይፈላል፤ ቶሎ ይፈላል ማለት ግን በደንብ ሳይግል ይፈላል ማለት ነው። ባሕር ዳርቻ 100 ዲግሪ ላይ የሚፈላው ውሃ ኮምቦልቻ 94 አካባቢ ሲደርስ፣ ደሴ ደግሞ ገና 91 ወይም 92 ላይ ሳለ መንተክተክ ይጀምራል። ከዚያ በኋላ እሳት ብትጨምሪ ውሃው ቶሎ ያልቃል እንጂ ሙቀቱ አይጨምርም። ጠንካራ ሥጋ ውስጥ ያለው ጅማት ሟሙቶ የሚለሰልሰው ደግሞ በሙቀትና በጊዜ ነው፤ ሙቀቱ ሲጎድል ጊዜው ይረዝማል። እህትሽ አንቺ ኩሽና ገብታ ትሞክረውና እናያለን።

ስለዚህ በሥራ ቀን ከጠንካራ ሥጋ ጋር ግብግብ አትግጠሚ። ፍርምባና ወርች ለእሁድ ይቆዩ። በሥራ ቀን ሰዓትሽን ለሽንኩርቱ ስጪው፣ ሥጋው ደቃቅ ይሁን። ደቃቅ ሥጋ ካልሽ ደግሞ ምንቸት አብሽ የሚባል ነገር አለልሽ። ብዙ ሰው የድግስ ወጥ ብቻ አድርጎ ስለሚያየው ይፈራዋል፤ እኔ ግን የማክሰኞና የሐሙስ እራት ነው የምለው። ረቡዕና ዓርብን የምትጾሚ ከሆነም ቀኖቹ ይገጥሙልሻል።

ለአራት ሰው ግማሽ ኪሎ ሥጋ ይበቃል። ሥጋ ቤቱ ፊትሽ ይፍጭልሽ፤ ተፈጭቶ የቆየውን አትግዢ። አራት ወይም አምስት መካከለኛ ቀይ ሽንኩርት በጣም አድቅቀሽ ክተፊና ያለ ዘይት ደረቅ ድስት ላይ አድርጊው። አዎ፣ ያለ ዘይት። ሽንኩርቱ የራሱን ውሃ ያወጣል፣ ከዚያ ውሃውን ይጨርስና መያዝ ሲጀምር ውሃ ጠብ ታደርጊለታለሽ። ይህ ከ10 እስከ 15 ደቂቃ ይወስዳል። ሰው ሁሉ የሚቸኩለው እዚህ ጋ ነው፣ መረቁ የሚበላሸውም እዚሁ ጋ ነው። የወጥ መረቅ የሚወፍረው በሽንኩርት ነው፤ ሽንኩርቱ ሟሙቶ መልኩ ካልጠፋ፣ በኋላ ምን ብታደርጊ ውሃ ውሃ ይልብሻል።

ከዚያ ሦስት የሾርባ ማንኪያ ዘይት ጨምሪ። ወዲያው ሁለት የሾርባ ማንኪያ በርበሬ፣ ወዲያው ደግሞ ትንሽ ውሃ። በርበሬ በደረቁ ካረረ ይመራል፣ ከዚያ በኋላ ቅቤም ሆነ ስኳር አያድነውም። እሳቱን ቀንሰሽ፣ ውሃ ጠብ ጠብ እያደረግሽ 10 ደቂቃ ያህል አቁላዪው፤ የበርበሬው ጥሬ ሽታ ይጥፋ። አራት ፍንካች ነጭ ሽንኩርትና አውራ ጣት የምታህል ዝንጅብል ወቅጠሽ አግቢ። አብሹ የሚገባውም አሁን ነው። ግማሽ የሻይ ማንኪያ ብቻ! አብሽ ሲበዛ ወጡን መድኃኒት መድኃኒት ያሰኘዋል።

የተፈጨውን ሥጋ እንዳለ ድስት ውስጥ አትዘርግፊው፣ ይጓጉላል። ጎድጓዳ ሳህን ላይ በግማሽ ብርጭቆ ቀዝቃዛ ውሃ በእጅሽ በታትኚው፣ ከነውሃው ጨምሪው፣ እስኪለያይ ድረስ አማስዪው። ቀጥሎ አንድ ወይም አንድ ተኩል ብርጭቆ የፈላ ውሃ አድርጊና በዝግታ 20 ደቂቃ ይንተክተክ። ጨው፣ አንድ ማንኪያ ንጥር ቅቤና ኮረሪማ ወይም መከለሻ ከማውረድሽ አምስት ደቂቃ በፊት ይገባሉ። ሲደመር አንድ ሰዓት አይሞላም። ከምሽቱ 1 ሰዓት ተኩል ሳይደርስ እራት ቀርቧል።

እሱም ረዘመብኝ ካልሽ እሁድ ዕለት የሁለት ኪሎ ሽንኩርት ቁሌት ሠርተሽ፣ አብርደሽ፣ ለየብቻ በዕቃ አድርገሽ ፍሪዘር አስገቢ። እኔ ይህን የጀመርኩት ወገቤ ካስቸገረኝ በኋላ ነው፤ ምን ስጠብቅ እንደኖርኩ እንጃ።

ፕሬዠር ኩከር ካለሽ ጠንካራውን ሥጋም በሥራ ቀን መድፈር ትችያለሽ። እንፋሎቱ ስለሚታፈን ውስጡ ደሴም ላይ ቢሆን ከ100 ዲግሪ ያልፋል። ብቻ ቁሌቱን አብረሽ አትክተቺው፤ ወፍራም ነገር ከሥር ይይዛል። ሥጋውን በውሃ ብቻ ቀቅዪ፣ ከዚያ ከነመረቁ ቁሌቱ ላይ ገልብጪው። ክዳኑንም እንፋሎቱ ወጥቶ ሳያልቅ አትንኪ። እኔ አንዴ እንግዳ በር ላይ ቆሞ ቸኩዬ ከፍቼ ቀይ ወጥ ኮርኒስ ላይ ተለጥፏል። እኔ ተርፌያለሁ፣ ኮርኒሱ ግን እስከ ዛሬ ምልክቱ አለበት።

ጥያቄ፦ ይድረስ ለአምዱ አዘጋጅ። ጡረታ የወጣሁ መምህር ነኝ። ባለቤቴ ልጃችንን ልታርስ አዲስ አበባ ከሄደች ወር አለፋት፤ እኔ ምግብ እየሠራሁ ነው። የምሠራው ወጥ ሳህን ላይ ሲወጣ ውሃው ወደ አንድ በኩል፣ ሽንኩርቱ ወደ ሌላ በኩል ይሄዳል። ባለፈው ደግሞ ጨው በዛብኝና ጎረቤት ድንች ጨምርበት አለኝ። ጨመርኩ፤ ጨው የበዛበት ድንች በላሁ። (ከወልድያ)

መልስ፦ ጋሼ፣ እንኳን ማርያም ማረችልዎ። ድንቹን በደንብ ነው የገለጹት። ድንች ጨዋማ ውሃ ይመጣል እንጂ ጨውን መርጦ አይጠጣም። መድኃኒቱ ማብዛት ነው፤ ትንሽ ሽንኩርት ለብቻ ያለ ጨው አቁላልተው ይቀላቅሉበት፣ የፈላ ውሃ ይጨምሩ። ለሁለት ቀን የሚሆን ወጥ ይወጣዎታል፣ ባለቤትዎም ስለሌሉ ማንም አይቆጣዎትም።

ውሃውና ሽንኩርቱ የሚለያዩት ሽንኩርቱ ሳይሟሟ ሥጋ ስለሚገባበት ነው፤ ወይም ደግሞ ውሃውን ቀዝቃዛውን በአንድ ጊዜ ስለሚደፉበት። ዘይቱ ከላይ ቢንሳፈፍ ግን አይደንግጡ፤ እሱ ወጡ መብሰሉን ነው የሚነግርዎ። አሁን የቀጠነውን ለማዳን ክዳኑን አንስተው ያንተክትኩት። ካልሆነ አንድ የሾርባ ማንኪያ ሽሮ በቀዝቃዛ ውሃ በጥብጠው፣ እያማሰሉ ጠብ ያድርጉበትና 10 ደቂቃ ይብሰል። የስንዴ ዱቄት አይጨምሩ። ይወፍራል፣ ግን ሙጫ ሙጫ ይላል፣ ጣዕምም የለውም። ሽሮው ቢያንስ ከነቅመሙ ነው፤ ለባለቤትዎ ካልነገሩ አይታወቅብዎትም።

ጥያቄ፦ እትዬ፣ ኮምቦልቻ ፋብሪካ ውስጥ ነው የምሠራው፣ ብቻዬን ነኝ። ያለኝ አንድ ምድጃ፣ አንድ መጥበሻ፣ አንድ ቢላዋ ነው። ቅቤ የለኝም። ጥብስ ስሠራ ሥጋው ይቀቀላል እንጂ አይጠበስም። እርጥብ ጥብስ እንዴት ነው የሚሠራው? ደግሞ ፓፓያ ሥጋ ያለሰልሳል የሚሉት እውነት ነው?

መልስ፦ ልጄ፣ መጥበሻህን ታጨናንቀዋለህ። ሥጋ ሲሞቅ ውሃ ያወጣል፤ መጥበሻው ከሞላ ውሃው መትነኛ ያጣና ሥጋህን ይቀቅለዋል። ለአንድ ሰው 250 ግራም ይበቃሃል፤ እሱንም ሁለት ጊዜ ከፍለህ ጥበስ። ሽንጥ ግዛ፣ ገንዘብ ከተረፈህ ጭቅና። ሥጋው ክር ክር ያለው ነው፤ ክሩን ተከትለህ አትቁረጥ፣ አቋርጠህ ቁረጥ። ረጅሙ ክር ከተቆራረጠ ጥርስህ አይለፋም።

መጥበሻውን በደንብ አግል፣ ዘይት፣ ከዚያ ሥጋ። ለአንድ ደቂቃ ያህል አትነካካው። ቡናማ ሲሆን አውጥተህ ሳህን ላይ አስቀምጥ። እዚያው መጥበሻ ላይ አንድ ትልቅ ሽንኩርት አቁላላ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ አንድ ቲማቲም፣ አንድ የሻይ ማንኪያ አዋዜ። አሁን ሩብ ብርጭቆ ውሃ አፍስስና ከሥር የያዘውን ቡናማ ነገር በማንኪያ ፋቀው። አትጠበው እሱን! የመረቁ ጣዕም ያለው እዚያ ውስጥ ነው። ሥጋውን መልስ፣ ቃሪያና የጥብስ ቅጠል ጣል አድርግ፣ ሁለት ደቂቃ ቆጥረህ አውርድ። ቅቤ የለኝም ብለህ አትዘን፣ ከነመጥበሻው በዳቦ ብላው፣ ዕቃ ማጠቡም ይቀርልሃል።

ፓፓያ እውነት ነው፤ ግን ያልበሰለው ጥሬው ነው። ውስጡ ሥጋ የሚሰባብር ነገር አለ። አንዲት ማንኪያ ፈቅፍቀህ ለግማሽ ሰዓት ቀባው። ብትረሳው ግን ሥጋው ገንፎ ይሆንብሃል፤ ለሽንጥ አያስፈልግም።

ጥያቄ፦ ለአረፋ ያረድነው ሥጋ ፍሪዘር ውስጥ አንድ ትልቅ ድንጋይ ሆኖ ተቀምጧል። ለእራት ትንሽ ልወስድ ስፈልግ ሁሉንም አቅልጬ የተረፈውን መልሼ አስገባለሁ። ጣዕሙ እየጠፋ መጣ። (ከሐይቅ)

መልስ፦ እህቴ፣ ጣዕሙ ብቻ ቢሆን ደግ ነበር። ውጭ የቀለጠ ጥሬ ሥጋን እየመለሱ ማቀዝቀዝ ጤናም ያጎድላል። ይህኛው አንዴ ፍሪጅ ውስጥ እስኪቀልጥ ይቆይ፣ ከዚያ ሁሉንም አብስዪው። በአልጫም ሆነ በቁሌት ወጥ ካደረግሽው በኋላ አብርደሽ፣ በየእራቱ ከፋፍለሽ ብታቀዘቅዢው ምንም አይልም። ፍሪጅ ውስጥ ብቻ ከሆነ ሦስት፣ ቢበዛ አራት ቀን።

ለሚመጣው አረፋ ግን ዕለቱን፣ ሥጋው እንደቀዘቀዘ፣ ግማሽ ግማሽ ኪሎ እያደረግሽ በላስቲክ ጠቅልይ። እንደ ኳስ አታድርጊው፤ በመዳፍሽ ተጭነሽ እንደ ቂጣ ስስ አድርጊው። ስሱ ቶሎ ይቀዘቅዛል፣ ቶሎም ይቀልጣል፤ ጠዋት ወደ ፍሪጅ ብታወርጂው ማታ ለድስት ይደርሳል። ላዩ ላይ የወጥ ወይም የጥብስ ብለሽ ጻፊበት፣ ከቀዘቀዘ በኋላ ሽንጡም ፍርምባውም አንድ ነው የሚመስለው። የሰባውን ቀድመሽ ጨርሺ፣ ስብ ፍሪዘር ውስጥም ቢሆን ቀስ እያለ ጣዕሙ ይበላሻል።

ደግሞ ሐይቅ ዳር ተቀምጠሽ የሥጋ ችግር ብቻ ትጽፊልኛለሽ? ክርስቲያኗ ጎረቤትሽ እራት ስትመጣ የማን ቢላዋ ነው ሳትባባሉ አንድ ትሪ ላይ የምትቀርቡበት ዓሣ በራፍሽ ላይ አለ። የዓሣውን ጥያቄ ለሚቀጥለው ወር ላኪልኝ፣ ዓሣ ደግሞ ደሴም ላይ ቢሆን ቶሎ ይበስላል።