ስለ ሮቢን ካምፒዮ ጠይቁኝ፦ ከኤዲተርነት ወደ ዳይሬክተርነት

ሰሞኑን የፈረንሳዩን ሮቢን ካምፒዮን ስም አንስቼ «በኤዲተርነት ጀምሮ ዳይሬክተር የሆነ ሰው» ብዬ ባልፍ ጥያቄው ጎረፈ። እኔም እንጀራዬ የፊልም ኤዲቲንግ (የተቀረጸውን መርጦ፣ ቆርጦ መቀጠል) ስለሆነ ደስ እያለኝ እመልሳለሁ። ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።

ጥያቄ፦ ሰውዬው ከየት መጣ?

መልስ፦ በ1962 ሞሮኮ ተወለደ። አባቱ የፈረንሳይ አየር ኃይል ባልደረባ ስለነበሩ ከልጅነቱ የተወሰነውን ማዳጋስካር፣ ጦር ሰፈር ውስጥ አሳለፈ። ያንን ትዝታ በ2023 ፊልም አድርጎታል። ፓሪስ ኢዴክ ይባል የነበረው የፊልም ትምህርት ቤት ሲገባ ኋላ ዳይሬክተር የሆነውን ሎራን ካንቴን አገኘ። ከዚያ በኋላ ያለው ሁሉ ከዚህ ጓደኝነት የተመዘዘ ነው።

ጥያቄ፦ ለካንቴ ኤዲት ብቻ ነበር የሚያደርግለት?

መልስ፦ ኧረ ስክሪፕትም አብረው ይጽፉ ነበር! በ2001 የወጣው፣ ከሥራ ተባሮ ለቤተሰቡ ሳይናገር በመኪና ሲዞር የሚውለው ሰው ታሪክ የሁለቱ ነው። በ2008 ካን ፊልም ፌስቲቫል ላይ ትልቁን ሽልማት፣ የወርቅ ዘንባባን የወሰደው፣ አንድ መምህርና ተማሪዎቹ በመማሪያ ክፍል የሚከራከሩበት ፊልምም እንዲሁ፤ እሱን ሲጽፉ ዋናውን መጽሐፍ የደረሰው ፍራንሷ ቤጎዶም አብሯቸው ነበር፤ መምህሩን ሆኖ የሚተውነውም ራሱ ነው።

ጥያቄ፦ የመማሪያ ክፍሉን ፊልም አይቻለሁ፤ የተተወነ ሳይሆን ከእውነተኛ ክፍል የተቀዳ ነው የሚመስለው። እንዴት አድርገውት ነው?

መልስ፦ ጥሩ ጥያቄ ነው እህቴ። ልጆቹ የፓሪስ 20ኛ ወረዳ ተማሪዎች እንጂ የሠለጠኑ ተዋንያን አይደሉም። በአንድ ጊዜ ሦስት ካሜራ ይቀርጻል፦ አንዱ መምህሩ ላይ፣ ሁለተኛው ሊናገር ያለው ልጅ ላይ፣ ሦስተኛው ደግሞ ያልታሰበውን ሲያድን ይውላል። ጠረጴዛው ላይ የተደፋች ልጅ፣ በእስክሪብቶ የሚጫወት ጣት፣ የተኮሳተረ ፊት። አሁን ኤዲተሩን አስቡት። ቁጭ ብሎ «ማን ተናገረ?» ብቻ ሳይሆን «ማን ሰምቶ ፊቱ ተቀየረ?» እያለ ነው የሚመርጠው። እኛ ሰፈር አብዛኛው ሰው አፍ የከፈተውን እየተከተለ ይቆርጣል፤ እኔም ለዓመታት እንደዚያ ነበርኩ። የዚህ ፊልም ክርክር ግን የሚግለው ዝም ባሉት ፊቶች ነው።

ጥያቄ፦ ራሱ ዳይሬክት ያደረገው የመጀመሪያ ፊልምስ?

መልስ፦ የ2004ቱ፣ ሙታን ተመልሰው የሚመጡበት። ሽማግሌዎች ከመቃብር በር ቀስ ብለው፣ ንጹሕ ልብስ ለብሰው ሲወጡ ይጀምራል። ደም የለ፣ ጩኸት የለ። ከተማው ግራ የሚገባው እነዚህን ሰዎች የት እናኑር፣ ሥራቸውን እንመልስላቸው ወይ በሚለው ነው። መክፈቻው ድንቅ ነው፤ መሐሉ ግን በእኔ ዓይን ይንቀራፈፋል። በኋላ ቴሌቪዥኖች ሐሳቡን ወስደው ተከታታይ ድራማ አደረጉት። እሱ ሁለተኛ ፊልሙን ያወጣው በ2013 ነው።

ጥያቄ፦ ስሙን ያገነነው የትኛው ነው?

መልስ፦ የ2017ቱ፣ «በደቂቃ 120 ምት»። በ1990ዎቹ መጀመሪያ ኤድስ ሲፈጅ፣ መንግሥትና መድኃኒት ፋብሪካዎች ሲያንቀላፉ የታገለው አክት አፕ ፓሪስ የተባለ ማኅበር ታሪክ ነው። ካምፒዮ ራሱ በ1992 ማኅበሩን ተቀላቅሏል። ስብሰባቸውን ልብ ብላችሁ እዩ፦ ተናጋሪውን እንዳያቋርጡ አያጨበጭቡም፣ በጣታቸው ጧ ጧ ያደርጋሉ። ያ ድምፅ ክርክሩን ምት ይሰጠዋል። ደግሞ የጭፈራ ቤቱ ትዕይንት አለላችሁ፤ በመብራቱ ውስጥ የሚንሳፈፈው አቧራ ቀስ በቀስ በማይክሮስኮፕ የሚታይ ሴል ይሆናል። አንድ ካት (የቁርጥ ቦታ) ሳይታይ ከደስታ ወደ በሽታው ገባን! ካን ላይ ሁለተኛውን ትልቅ ሽልማት፣ ግራንድ ፕሪን ወሰደ። በ2018 ሴዛር በሚባለው የፈረንሳይ የፊልም ሽልማት የዓመቱ ምርጥ ፊልም ሆነ።

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ እኔ ኤዲተር ነኝ፤ ዳይሬክተር ለመሆን ኤዲቲንጉን ልተወው?

መልስ፦ ካምፒዮ መች ተወው? በዚያው የሴዛር ምሽት የምርጥ ኤዲተር ሽልማት ለእሱ ሲሰጥ፣ የምርጥ ዳይሬክተሩ ለአልቤር ዱፖንቴል ሄደ። እኔ ይህን ባሰብኩ ቁጥር ፈገግ እላለሁ። አንተም ኮምፒውተርህን እንዳትሸጥ።

ጥያቄ፦ ከካንቴ ጋር ዛሬም አብረው ይሠራሉ?

መልስ፦ ካንቴ ሚያዝያ 2024 ላይ በ63 ዓመቱ ዐረፈ። ከሀብታም ቤት ወጥቶ ግንበኝነት ስለሚማር የ16 ዓመት ልጅ «ኤንዞ» የሚባል ፊልም አዘጋጅቶ፣ ቀረጻው ሳይደርስ ነው የሄደው። ካምፒዮ ቀርጾ ጨረሰለት፤ በ2025 ካን ላይ የዳይሬክተሮች አሥራ አምስት ቀን የሚባለው ዝግጅት መክፈቻ ሆነ። ፊልሙ ላይ የሰፈረው ጽሑፍ እንዲህ ይላል፦ «የሎራን ካንቴ ፊልም፣ ዳይሬክተር ሮቢን ካምፒዮ»።